የጨዋታ አፈጻጸም መቆጣጠሪያዎችን ከስማርት ስልክ ላይ ማጥፋት፦ ምን ይጠፋል? ምን ይቀራል?

መግቢያ

እ.ኤ.አ. በ2022 መጀመሪያ ወራት የደቡብ ኮሪያ ተጠቃሚዎች ገና ለገበያ በቀረበው የሳምሰንግ ጋላክሲ ኤስ22 ተከታታይ ስልክ ላይ አንድ ቀላል ሙከራ አደረጉ። ስሪዲ ማርክ የተባለውን የግራፊክስ መለኪያ ሶፍትዌር ወስደው፣ ሌላ ነገር ሳይነኩ፣ ስልኩ ሶፍትዌሩን የሚለይበትን የውስጥ ስም ብቻ ጌንሺን ኢምፓክት በተባለው ታዋቂ ጨዋታ ስም ተኩት። ስልኩ ያው ነው፤ ሶፍትዌሩም ያው ነው፤ የሚሠራውም ሥራ አልተለወጠም። የተገኘው ውጤት ግን በመጀመሪያው ስም ከተገኘው ከግማሽ በታች ወረደ። ስልኩ ፍጥነቱን የወሰነው በቀረበለት ሥራ ክብደት ሳይሆን በሥራው ስም ነበር።

ይህን ያደረገው «ጌም ኦፕቲማይዚንግ ሰርቪስ» ተብሎ የሚጠራው፣ ከስልኩ ጋር አብሮ ተጭኖ የሚመጣ አገልግሎት ነው። ተመሳሳይ ዓላማ ያላቸው መቆጣጠሪያዎች፣ በስምና በአሠራር ቢለያዩም፣ ዛሬ በአብዛኞቹ ስማርት ስልኮች ላይ ይገኛሉ። ብዙ ተጠቃሚዎች እነዚህን አገልግሎቶች ለማጥፋት ይፈልጋሉ፤ ምክንያታቸውም ይለያያል። አንዱ ስልኩ እንዲፈጥንለት ይፈልጋል፤ ሌላው ጨዋታ በከፈተ ቁጥር የስልክ ጥሪ እንዳያመልጠው ይሻል፤ ሦስተኛው ደግሞ በስልኩ ላይ የሚያካሂደው ልኬት እውነተኛ እንዲሆንለት ይፈልጋል።

የዚህ አጭር ጽሑፍ ዓላማ «ማጥፋት» የሚለው ቃል በዚህ ጉዳይ ላይ ምን ማለት እንደሆነ ማብራራት ነው። ጽሑፉ የሚያቀርበው ዋና ሐሳብም የሚከተለው ነው፦ በተለምዶ «የጨዋታ ሁነታ» ተብሎ በአንድ ስም የሚጠራው ነገር በእርግጥ ሦስት የተለያዩ ደረጃዎች አሉት። ከሦስቱ ሁለቱ ሊጠፉ ይችላሉ፣ አንዳንድ ጊዜም ሊጠፉ ይገባል፤ ሦስተኛው ግን ሊጠፋ አይገባም። ይህን ልዩነት አለማወቅ ለተራ ተጠቃሚ የባትሪና የሙቀት ጉዳይ ሲሆን፣ ስልክን ለምርምር ለሚጠቀም ሰው ግን የመረጃውን ታማኝነት የሚነካ ጉዳይ ነው።

በአንድ ስም የሚጠሩ ሦስት ደረጃዎች

የመጀመሪያው ደረጃ በተጠቃሚው ዓይን የሚታየው ነው። በሳምሰንግ ስልኮች ላይ ጌም ላውንቸርና ጌም ቡስተር፣ በሻዎሚ ስልኮች ላይ ጌም ተርቦ የሚባሉት ገጽታዎች የዚህ ደረጃ ምሳሌዎች ናቸው። ጨዋታዎችን በአንድ ቦታ ይሰበስባሉ፤ ጨዋታ ሲከፈት ማሳወቂያዎችን ያፍናሉ፤ የስክሪኑን ብርሃን ባለበት እንዲቆይ ያደርጋሉ፤ በስህተት የሚነኩ ቁልፎችን ይዘጋሉ። አፕልም እ.ኤ.አ. በ2024 ባወጣው አይኦኤስ 18 ላይ ጨዋታ ሲከፈት በራሱ የሚበራ የጨዋታ ሁነታ በአይፎን ላይ ጨምሯል፤ ይህም ከበስተጀርባ የሚካሄዱ ሥራዎችን ይቀንሳል። የዚህ ደረጃ ዋነኛ ተጽዕኖ በተጠቃሚውና በስልኩ መካከል ባለው ግንኙነት ላይ ነው።

ሁለተኛው ደረጃ የማይታየው የውሳኔ ደረጃ ነው። በዚህ ደረጃ ስልኩ የተከፈተው መተግበሪያ ጨዋታ መሆኑን ይለይና፣ ፕሮሰሰሩ ምን ያህል እንዲፈጥን፣ ምስሉ በምን ያህል ጥራት እንዲሳል፣ በሴኮንድ ስንት ፍሬም እንዲታይ አስቀድሞ ይወስናል። ጎግል እ.ኤ.አ. በ2021 ባወጣው አንድሮይድ 12 ይህን አሠራር መደበኛ መልክ ሰጥቶታል። በዚህ መሠረት አንድ ጨዋታ «መደበኛ»፣ «ከፍተኛ አፈጻጸም» ወይም «ባትሪ ቆጣቢ» በሆነ ሁነታ ሊሠራ ይችላል። የጨዋታው አዘጋጅ ለእነዚህ ሁነታዎች የራሱን ዝግጅት ካላደረገ፣ የስልኩ አምራች በራሱ ጣልቃ ገብቶ ጨዋታው የሚሳልበትን የምስል መጠን ሊቀንስ፣ ከአንድሮይድ 13 ጀምሮም የፍሬሙን ብዛት ሊገድብ ይችላል። አዘጋጁ ይህ ጣልቃ ገብነት እንዲቀርለት በመተግበሪያው ውስጥ የማሳወቅ መብት አለው። አምራቾች በበኩላቸው ከዚህ ቀደም ብለው የየራሳቸውን ተመሳሳይ አገልግሎት ሠርተዋል፤ የሳምሰንጉ ከእነዚህ አንዱ ነው።

ሦስተኛው ደረጃ የሙቀት ጥበቃ ነው። በስልኩ ውስጥ በፕሮሰሰሩ፣ በባትሪውና በሌሎች ክፍሎች አጠገብ የሙቀት መለኪያዎች አሉ። ሙቀቱ ከተወሰነው ወሰን ሲያልፍ ስልኩ የፕሮሰሰሩን ፍጥነት ደረጃ በደረጃ ይቀንሳል፤ የስክሪኑን ብርሃን ያደበዝዛል፤ ባትሪ መሙላቱን ያዘገያል፤ ከዚያም ካለፈ ራሱን ያጠፋል። ይህ ደረጃ መተግበሪያው ጨዋታ ይሁን ካርታ፣ ካሜራ ይሁን የስሌት ፕሮግራም አይመለከተውም። የሚያየው ሙቀቱን ብቻ ነው።

በሁለተኛውና በሦስተኛው ደረጃ መካከል ያለውን ልዩነት ማጤን ያስፈልጋል። ሁለቱም ፍጥነትን ይገታሉ። ነገር ግን ሦስተኛው የሚፈርደው በተለካ ነገር ላይ ሲሆን፣ ሁለተኛው የሚፈርደው በግምት ላይ ነው። ጨዋታ ስልክን ያሞቃል ከሚል ግምት ተነሥቶ፣ ስልኩ ገና ሳይሞቅ ልጓሙን ያጠብቃል።

ልጓሙ ለምን አስፈለገ?

አምራቾች ይህን ግምት የሚወስዱት ያለምክንያት አይደለም። በዲጂታል ፕሮሰሰር ውስጥ በሥራ ላይ የሚውለው ኃይል ከቮልቴጅ ካሬና ከድግግሞሽ ብዜት ጋር ተመጣጣኝ ነው። ፕሮሰሰሩ በፈጠነ ቁጥር ከፍ ያለ ቮልቴጅ ስለሚፈልግ፣ ፍጥነትና ኃይል በእኩል እርምጃ አይሄዱም። ለምሳሌ ያህል ድግግሞሹም ቮልቴጁም በ20 በመቶ ቢቀነሱ፣ የሚፈለገው ኃይል 0.8 × 0.8 × 0.8 = 0.512 ይሆናል። ከፍጥነቱ አንድ አምስተኛው ሲተው የኃይሉ ግማሽ ያህል ይተርፋል ማለት ነው። በተግባር ቮልቴጁ ሁልጊዜ ከድግግሞሹ ጋር እኩል አይወርድም፤ በሥራ ላይ ሳይውል የሚያፈተልክ ኃይልም አለ። ስለዚህ እውነተኛው ቁጠባ ከዚህ ያንሳል። አቅጣጫው ግን ይኸው ነው፤ የመጨረሻዋ የፍጥነት ጭማሪ ከሁሉም በላይ ውድ ናት።

በምስል ጥራት ላይም ተመሳሳይ ስሌት አለ። አንድ ጨዋታ የሚሳልበት ስፋትና ቁመት እያንዳንዳቸው ወደ 0.7 ቢቀነሱ፣ የሚሳሉት ነጥቦች ብዛት 0.7 × 0.7 = 0.49 ይሆናል። በትንሽ ስክሪን ላይ ብዙ ሰው ልዩነቱን ላያስተውለው ይችላል፤ የግራፊክስ ፕሮሰሰሩ ግን ከግማሽ በላይ ሸክም ይቀልለታል።

ይህ ቁጠባ በሰዓት ሲተረጎም ትርጉሙ ይበልጥ ይገለጣል። 5,000 ሚሊ አምፒር ሰዓት የሚይዝና አማካይ ቮልቴጁ 3.85 የሆነ ባትሪ በውስጡ 19.25 ዋት ሰዓት ያህል ጉልበት አለው። ስልኩ በአማካይ 6 ዋት ቢወስድ ባትሪው 3.2 ሰዓት ገደማ ይቆያል፤ 4 ዋት ቢወስድ ደግሞ 4.8 ሰዓት ያህል ይዘልቃል። አብዛኞቹ ስልኮች ማራገቢያ ስለሌላቸው ያ ሁሉ ጉልበት በመጨረሻ ሙቀት ሆኖ በስልኩ ጀርባና በተጠቃሚው መዳፍ በኩል ይወጣል።

የረጅም ርቀት ሯጭን ማሰብ ነገሩን ግልጽ ያደርገዋል። በመጀመሪያዎቹ ዙሮች ጉልበቱን ሁሉ ያወጣ ሯጭ መጨረሻ ላይ ይዝላል፤ እርምጃውን የመጠነ ግን እስከ ፍጻሜው ይዘልቃል። ከዚህ አንጻር አምራቹ ስልኩን ቀድሞ መግታቱ የአሠልጣኝ ምክር ይመስላል። ችግሩ የሚመጣው አሠልጣኙ ሯጩን የሚገታው በለበሰው ማልያ ስም ሲሆን፣ ለምርጫ ውድድር ደግሞ ሌላ ማልያ አልብሶ በሙሉ ጉልበቱ ሲያስሮጠው ነው። በኤስ22 ላይ የተነሣው ቅሬታም ይህንኑ የሚመስል ነበር።

የጋላክሲ ኤስ22 ጉዳይ

ጋላክሲ ኤስ22 ለገበያ የቀረበው እ.ኤ.አ. በፌብሩዋሪ 25 ቀን 2022 ነው። ብዙም ሳይቆይ ጌም ኦፕቲማይዚንግ ሰርቪስ ይቆጣጠራቸዋል የተባሉ ወደ 10,000 የሚጠጉ መተግበሪያዎች ስም የሰፈረበት ዝርዝር በኮሪያ ተሰራጨ። በዝርዝሩ ውስጥ ከጨዋታዎች ሌላ በርካታ የተለመዱ መተግበሪያዎችም ነበሩ። ሳምሰንግ አገልግሎቱ ጨዋታ ያልሆኑ መተግበሪያዎችን አፈጻጸም እንደማይቆጣጠር አስታወቀ። ሆኖም አንድ ነገር የብዙዎችን ትኩረት ሳበ፤ የስልክን ፍጥነት ለመመዘን የሚያገለግሉት የታወቁ መለኪያ ሶፍትዌሮች በዝርዝሩ ውስጥ አልነበሩም። እነዚህ መለኪያዎች ያለ ልጓም ይሮጣሉ፤ ተጠቃሚው ስልኩን የገዛበት ዓላማ የሆነው ጨዋታ ግን በልጓም ይሮጣል።

ጊክቤንች የተባለውን መለኪያ የሚያዘጋጀው ፕራይሜት ላብስ ይህን እንደ መለኪያ ማጭበርበር ቆጥሮ የጋላክሲ ኤስ10፣ ኤስ20፣ ኤስ21 እና ኤስ22 ተከታታይ ስልኮችን ከአንድሮይድ የውጤት ሰንጠረዡ አስወጣ። የኮሪያ የፍትሐዊ ንግድ ኮሚሽንም የኩባንያውን ማስታወቂያዎች መመርመር ጀመረ። ሳምሰንግ በዚያው ወር ማሻሻያ ያወጣ ሲሆን፣ እ.ኤ.አ. በማርች 16 ቀን 2022 በተካሄደው የባለአክሲዮኖች ጉባኤ ላይ የኩባንያው ኃላፊ ሃን ጆንግ ሂ ይቅርታ ጠየቁ።

ለዚህ ጽሑፍ ከሁሉ የበለጠ ትምህርት የሚሰጠው የማሻሻያው ይዘት ነው። ማሻሻያው ጨዋታ ሲጀመር በፕሮሰሰሩና በግራፊክስ ፕሮሰሰሩ ላይ ይጣል የነበረውን ገደብ አነሣ፤ በጌም ቡስተር ውስጥ ተጠቃሚው ራሱ የሚመርጠው አማራጭ የአፈጻጸም አያያዝ ጨመረ፤ በሙቀት ላይ የተመሠረተው ጥበቃ ግን እንዳለ ቀጠለ። በሌላ አነጋገር ኩባንያው ሁለተኛውን ደረጃ ለተጠቃሚው ውሳኔ ተወና ሦስተኛውን አስቀረ። ሁለቱ የተለያዩ ነገሮች መሆናቸው ከዚህ በላይ በግልጽ ሊታይ አይችልም።

ጉዳዩ የአንድ ኩባንያ ብቻ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2021 አናንድቴክ የተባለው የቴክኖሎጂ መጽሔት ዋንፕላስ 9 ፕሮ የተባለው ስልክ ክሮምን የመሰሉ ታዋቂ መተግበሪያዎችን በስማቸው ለይቶ ፍጥነታቸውን እንደሚገታ ደርሶበት፣ ኩባንያውም ድርጊቱን አምኗል፤ ጊክቤንችም የስልኩን ውጤት ከሰንጠረዡ አንሥቷል። አፕል ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2017 ባትሪያቸው ያረጀ አይፎኖችን ፍጥነት እንደሚቀንስ ካመነ በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በማርች 2018 ባወጣው አይኦኤስ 11.3 ተጠቃሚው የባትሪውን ሁኔታ የሚያይበትንና ይህን ቁጥጥር የሚያጠፋበትን ቦታ አበጅቷል። በሦስቱም ታሪኮች የምሕንድስናው ምክንያት ሊያከራክር ይችላል፤ የማያከራክረው ግን ቅሬታው የተነሣው ልጓም በመኖሩ ብቻ ሳይሆን በመደበቁ መሆኑ ነው።

እንዴት ይጠፋል?

የቅንብሮች ስምና ቦታ ከስልክ ስልክ፣ ከአንዱ የሶፍትዌር እትም ወደ ሌላው ይለያያል። ስለዚህ ከዚህ በታች የተመለከተው አካሄድ በደረጃዎቹ ቅደም ተከተል የተዘጋጀ ሲሆን፣ ሳምሰንግን በምሳሌነት ይወስዳል።

በመጀመሪያው ደረጃ ላይ ያለውን ለማጥፋት በአብዛኞቹ የሳምሰንግ ስልኮች በቅንብሮች ውስጥ የላቁ ባሕርያት ከሚለው ክፍል ጌም ላውንቸርን ፈልጎ መዝጋት ይቻላል። ጥሪና ማሳወቂያ እንዳይታፈኑ ብቻ የሚፈልግ ሰው ግን ሁሉንም መዝጋት አያስፈልገውም፤ ጨዋታው ክፍት ሳለ ጌም ቡስተርን ከፍቶ ማሳወቂያዎችን የሚከለክለውን ምርጫ ማንሣት ይበቃዋል። ከቤተሰብ አስቸኳይ ጥሪ የሚጠብቅ ሰው ችግሩን ብዙ ጊዜ በስልኩ መስመር ወይም በኔትወርክ ያሳብባል፤ መንሥኤው ግን ከዚህች ምርጫ ሊሆን ይችላል።

በሁለተኛው ደረጃ ላይ ያለውን ለመቀየር በጌም ቡስተር ቅንብሮች ውስጥ ለጨዋታው የሚሰጠውን የአፈጻጸም ምርጫ ማየት ያስፈልጋል። በሳምሰንግ ስልኮች ላይ «ላብስ» በሚለው ክፍል ውስጥ ከላይ የተጠቀሰው አማራጭ የአፈጻጸም አያያዝ ይገኛል። ይህ ምርጫ ሲበራ ቀድሞ የሚጣለው ገደብ ይላላል። ከዚህ በተጨማሪ የስልኩ አጠቃላይ የኃይል ቁጠባ ሁነታ መብራት አለመብራቱን ማረጋገጥ ተገቢ ነው፤ እርሱ በርቶ ሳለ የጨዋታውን ቅንብር ብቻ መቀየር የሚጠበቀውን ለውጥ አያመጣም።

የስልኩን የውስጥ አገልግሎቶች ከኮምፒዩተር በትእዛዝ ወይም ከሌላ ወገን በተገኘ መተግበሪያ ማስወገድም ይቻላል። ይህ መንገድ ግን ሁለት አደጋ አለው። አንደኛ፣ የተወገደው አገልግሎት ከሌሎች ጋር የተሳሰረ ከሆነ ያልታሰበ ብልሽት ሊከተል ይችላል። ሁለተኛ፣ ሌሎች መተግበሪያዎችን የመቆጣጠር ፈቃድ የሚጠይቅ ያልታወቀ መተግበሪያ ከሚፈታው ችግር የባሰ ሊያመጣ ይችላል።

ሦስተኛው ደረጃ ከቅንብሮች ውስጥ የሚጠፋበት ቦታ የለም፤ መፈለግም አይገባም። የሊቲየም ባትሪ ከሙቀት ጋር አይስማማም፤ በሙቀት ውስጥ በቆየ ቁጥር የመያዝ አቅሙ ቶሎ ይቀንሳል። ሁለተኛውን ደረጃ ያጠፋ ሰው ይህን የሙቀት ድርሻ በራሱ ላይ ወስዷል። ስለዚህ ስልኩን እየሞላ አለመጫወት፣ ወፍራም ሽፋኑን ማውለቅ፣ ፀሐይ ላይ ወይም ትራስ ላይ አለማስቀመጥ ከዚያ በኋላ የእርሱ ኃላፊነት ናቸው።

ማጥፋት ሁልጊዜ ፍጥነት እንደማይጨምር መታወቅም አለበት። ልጓሙ የተነሣለት ስልክ በመጀመሪያዎቹ ደቂቃዎች ይፈጥናል። ሙቀቱ ከፍ ሲል ግን ሦስተኛው ደረጃ ይነሣና ፍጥነቱን ይቀንሳል፤ የፍሬሙም ብዛት ይዋዥቃል። ለረጅም ጊዜ ለሚጫወት ሰው በሴኮንድ 40 ፍሬም ላይ የረጋ ጨዋታ፣ ከ60 ወደ 30 ከሚወጣና ከሚወርድ ጨዋታ ሊሻለው ይችላል።

ለተመራማሪ ያለው ትርጉም

ይህ ሁሉ የተጫዋቾች ጉዳይ ብቻ መስሎ ሊታይ ይችላል። ይሁን እንጂ ስማርት ስልክ ዛሬ በብዙ የትምህርት ክፍሎች የምርምር መሣሪያ ሆኗል። የኮምፒዩተር ሳይንስ ተማሪ የመተግበሪያን ፍጥነትና የባትሪ ፍጆታ ይለካበታል፤ የሥነ ልቦና ተመራማሪ የትኩረትና የማስታወስ ፈተና ይሰጥበታል፤ የትምህርት ባለሙያ በጨዋታ መልክ የተሰናዳ መማሪያ ይሞክርበታል። የኋለኞቹ ሁለቱ መተግበሪያዎቻቸውን የሚሠሩት ብዙ ጊዜ ዩኒቲን በመሰለ የጨዋታ መሥሪያ ሶፍትዌር ነው። ተመራማሪው ጨዋታ ሠራሁ ብሎ ላያስብ ይችላል፤ መተግበሪያው በጨዋታነት ከተመዘገበ ግን ስልኩ እንደ ጨዋታ ይይዘዋል።

የሚከተለውን ሁኔታ እንመልከት። አንድ መተግበሪያ ስክሪኑ ላይ ምልክት ያሳይና ተሳታፊው እስኪነካው ድረስ ያለውን ጊዜ ይለካል። መተግበሪያው በሴኮንድ 60 ፍሬም ሲሠራ የአንዱ ፍሬም ርዝመት 16.7 ሚሊ ሴኮንድ ነው። ስልኩ የፍሬሙን ብዛት ወደ 30 ቢገድበው የአንዱ ርዝመት 33.3 ሚሊ ሴኮንድ ይሆናል። ንክኪው የሚነበበው በፍሬም መጀመሪያ ላይ ቢሆን፣ አማካይ መዘግየቱ የፍሬሙ ግማሽ ነው፤ በመጀመሪያው ሁኔታ 8.3፣ በሁለተኛው 16.7 ሚሊ ሴኮንድ። ልዩነቱ ትንሽ ይመስላል። ነገር ግን በምላሽ ፍጥነት ጥናቶች የሚፈለገው ልዩነት ራሱ ብዙ ጊዜ ከጥቂት አሥር ሚሊ ሴኮንዶች አይበልጥም።

ይበልጥ አሳሳቢው የስህተቱ ባሕርይ ነው። በአንድ ከተማ የሚገኙ ተሳታፊዎች አብዛኞቹ የአንድ አምራች ስልክ፣ በሌላ ከተማ ያሉት ደግሞ የሌላ አምራች ስልክ ቢይዙ፣ በስልኮቹ መካከል ያለው ልዩነት የሰዎቹ ልዩነት መስሎ ይታያል። ይህ በአጋጣሚ የሚበተን ስህተት አይደለም፤ ወደ አንድ አቅጣጫ የሚያደላ ነው። የተሳታፊዎችን ቁጥር ማብዛት አያስተካክለውም፤ እንዲያውም የተሳሳተውን ድምዳሜ ይበልጥ የተረጋገጠ ያስመስለዋል።

የአካባቢ ሙቀትም በዚሁ ላይ ይደመራል። ያው ስልክ በአዲስ አበባ ደጋማ አየር ውስጥ ለረጅም ጊዜ ሳይገታ ሊሠራ ይችላል። በሞቃታማዎቹ ወራት የቀኑ ሙቀት ከ40 ዲግሪ በሚያልፍበት በሰመራ ግን የሙቀት ጥበቃው ቶሎ ይነሣበታል። በሁለቱ ቦታዎች የተገኘን ውጤት ያለ ማስተካከያ ጎን ለጎን ማስቀመጥ የአየር ንብረትን ልዩነት የሶፍትዌር ወይም የሰው ልዩነት አድርጎ ማቅረብ ሊሆን ይችላል።

ስለዚህ በስልክ ላይ የሚካሄድ ልኬት የሚከተሉትን ጥንቃቄዎች ቢያሟላ ይመረጣል።

1. የስልኩ ሞዴል፣ የሶፍትዌሩ እትም፣ የጨዋታና የኃይል ቁጠባ ሁነታዎቹ ሁኔታ በጥናቱ የአሠራር ክፍል ውስጥ ይገለጽ። «ጠፍቶ ነበር» ማለት ብቻ በቂ አይደለም፤ የትኛው ደረጃ እንደጠፋ ይነገር።

2. ከእያንዳንዱ ልኬት በፊት የባትሪው መጠንና ሙቀት፣ እንዲሁም የክፍሉ ሙቀት ይመዝገብ። ስልኩ እየሞላ ልኬት አይካሄድ።

3. በሁለት ልኬቶች መካከል ስልኩ የሚቀዘቅዝበት የተወሰነ ጊዜ ይሰጥ። የሚነጻጸሩት ሁኔታዎች ቅደም ተከተልም በዕጣ ይወሰን፤ አለዚያ ሁልጊዜ በሁለተኛነት የሚለካው በሞቀ ስልክ ይለካል።

4. አማካይ ብቻ ሳይሆን በጊዜ ውስጥ ያለው ለውጥ ይታይ። በመጀመሪያው ደቂቃ የተገኘና በ20ኛው ደቂቃ የተገኘ ውጤት ከተለያዩ፣ ሁለቱም ይዘገቡ።

5. መተግበሪያው በተመራማሪው የተሠራ ከሆነ፣ የውስጥ መለያ ስሙንና የተመዘገበበትን ዘርፍ ለውጦ እንደገና መለካት ይሞከር። ውጤቱ በስም ለውጥ ብቻ ከተለወጠ፣ የተለካው መተግበሪያው ሳይሆን የአምራቹ ውሳኔ ነው። ከዚህም ጋር ተመራማሪው አንድሮይድ ለአዘጋጆች የሰጠውን መብት ተጠቅሞ የአምራቹ ጣልቃ ገብነት እንዲቀርለት በመተግበሪያው ውስጥ ሊያሳውቅ ይችላል።

አምስተኛው ጥንቃቄ በጽሑፉ መግቢያ ላይ የተጠቀሰው ሙከራ ነው። ሙከራው ልዩ ቤተ ሙከራ ወይም ውድ መሣሪያ አልጠየቀም። የጠየቀው አንድ ነገር ብቻ ቀይሮ ሌላውን ሁሉ እንዳለ መተውን ነበር። የሳይንስ ሙከራ መሠረታዊ ሥርዓትም ይኸው ነው።

ማጠቃለያ

በስማርት ስልክ ላይ የሚገኙ የጨዋታ አፈጻጸም መቆጣጠሪያዎችን ማጥፋት ፍጥነትን ከምንም የሚፈጥር ተግባር አይደለም። የስልኩ አቅም፣ የባትሪው ጉልበትና የሙቀቱ ወሰን ያው ናቸው። የሚለወጠው በእነዚህ ሦስቱ መካከል ያለውን ሚዛን የሚወስነው ማን ነው የሚለው ነው። አገልግሎቱ በርቶ ሳለ ውሳኔው በአምራቹ እጅ፣ አስቀድሞና በስም የተሰጠ ነው፤ ሲጠፋ ወደ ተጠቃሚው ይመለሳል፤ ከውሳኔው ጋር ግን ሙቀቱና የባትሪው ወጪም አብረው ይመጣሉ። ለአብዛኛው ተጠቃሚ አገልግሎቱን እንዳለ መተው ምክንያታዊ ምርጫ ሊሆን ይችላል። ምርጫ የሚሆነው ግን መኖሩን ሲያውቅ ነው።

ለተመራማሪ ደግሞ ጥያቄው ከምርጫ ያልፋል። የመለኪያ መሣሪያ የሚለካውን ነገር ስም አይቶ ውጤቱን የሚቀይር ከሆነ፣ መጀመሪያ መመርመር ያለበት መሣሪያው ራሱ ነው። በቅንብሮች ውስጥ የሚጠፉት መቼና ለምን እንደጠፉ፣ የማይጠፋው የሙቀት ጥበቃም በልኬቱ ጊዜ ምን እንዳደረገ መዝግቦ ማቅረብ፣ በስልክ የሚሠራ ጥናት ሌላ ተመራማሪ ደግሞ ሊያረጋግጠው የሚችል ጥናት እንዲሆን ያደርገዋል።